ለታመመ ጊዜ የለንም

ይህን የምጽፈው ከራሴ ትዝታና አጎቴን እስከ መጨረሻው ካስታመመቻቸው ልጃቸው ከሰማሁት ነው። ትዝታዬን ብዙም አላምነውም፤ አባባላቸውን መጀመሪያ የሰማሁት በኦሮምኛ ይሁን በአማርኛ እንኳ ለይቼ መናገር አልችልም።

አጎቴ ጊንጪ ውስጥ ለቅሶ ሲደርሱ የሚቀመጡት ከድንኳኑ መግቢያ አጠገብ ነበር። ከሩቅ የመጣ ሰው ድምፁን ከፍ አድርጎ እያለቀሰ ሲገባ፣ “ና ተቀመጥ፣ ኦቦ። እኛ ለታመመ ጊዜ የለንም፤ ለሞተ ግን ሦስት ቀን አለን” ይሉት ነበር። ሰዉ አንገቱን ደፍቶ ይስቃል፤ እኔም እስቅ ነበር።

ዘንድሮ እሳቸው ለወራት ሲታመሙ ከአምቦ ተነሥቼ አልጠየቅኋቸውም። በሚኒባስ አንድ ሰዓት ቢፈጅ ነው። ሲያርፉ ግን ሦስቱንም ቀን ተቀመጥሁ። ከመግቢያው አጠገብ ያለው ወንበር ባዶ ነበር፤ ስገባ ማንም ምንም አላለኝም። እንባም አልመጣልኝም።

በሦስተኛው ቀን ልጃቸውን፣ “ስለ እኔ ‘ለታመመ ጊዜ የለውም’ ብለው ነበር?” ብዬ ጠየቅኋት።

“ኧረ ጋሼ! ‘ሥራ በዝቶበት ነው’ ነው ያሉት” አለችኝ።

ጡረታ ከወጣሁ ዓመታት አልፈዋል፤ አጎቴም ይህን ያውቁ ነበር። እንዲህ ማለታቸውን እስካሁን ከሌላ ሰው ማረጋገጥ አልቻልሁም።