ሴቷ ያልተገኘች ተርብ

ባሌን የሰፈር ሰው «ተርቡ» ይለዋል። ቅጽል ስሙን ብቻ የሰማ ሰው ነገረኛና ተናካሽ አድርጎ ያስበዋል። እሱ ግን ዝንብ እሽ የማይል ሰው ነው፤ ሻይ ቤት ገብቶ ያላዘዘውን ቢያመጡለት እንኳ አንገቱን ደፍቶ ጠጥቶ አመስግኖ ይወጣል። እኔ ነኝ በሱ ቦታ የምናደደው። ስሙ የወጣለት በሥራው ነው። ዕድሜውን ሙሉ በአንድ የሰብል ምርምር ቤት፣ መስኮቷ ግድግዳ በሚጋርዳት ጠባብ ክፍል ውስጥ፣ ማይክሮስኮፕ ላይ አጎንብሶ ተርብ ሲለይ ኖሯል።

ተርብ ስል ያ ጣሪያ ሥር ቤቱን ሠርቶ የሚያሳድደንን ማለቴ አይደለም። የሱ ተርቦች ከሩዝ ፍሬ ያንሳሉ፣ ሰውም አይነድፉም። እናቲቱ ሰብል የሚበላ ትል ፈልጋ እንቁላሏን ሆዱ ውስጥ ትጥላለች፤ ልጆቿ ትሉን ከውስጥ በልተው ይወጣሉ። ለገበሬ ባለውለታ ናቸው። ችግሩ መመሳሰላቸው ነው። አንዷ የጎመን ትል ታጠፋለች፣ ቁርጥ እሷን የመሰለችው ደግሞ ለምንም አትረባም። እና ባሌ ቁጭ ብሎ የአንቴናዋን አንጓ ይቆጥራል፣ የክንፏ ጅማት የት ጋ እንደሚታጠፍ ያያል፣ ጀርባዋ ለስላሳ ይሁን ሸካራ፣ እንቁላል የምትጥልበት መርፌ ይርዘም ይጠር ይለካል።

ለዚህ ሥራ መመሪያ መጽሐፍ አላቸው። መጽሐፉ ሁልጊዜ ሁለት ምርጫ ይሰጣል፤ እንዲህ ከሆነች ወደዚህ ገጽ እለፍ፣ እንዲያ ከሆነች ወደዚያ። ባሌ ከልምዱ ብዛት የተነሳ ራሱ መጽሐፉን ሆኖ ቀረ። ጨው አቀብለኝ ስለው «ክዳኑ ቀዩ ነው ወይስ ሰማያዊው?» ይለኛል። እኔም ልብስ ሰፊ ስለሆንኩ አልሻልም፣ ሰው ሰላም ሳልል በፊት የኮቱን ስፌት ነው የማየው። ሁለታችንም በዓይናችን የተለከፍን ነን።

አንድ ልጅ ነበረችን። ቀኗ ሳይደርስ ተወልዳ በጣም ትንሽ ስለነበረች ጢኖ አልናት፣ ስሙም እዚያው ጸና። በሰባት ዓመቷ ትኩሳት ያዛት፤ ሳምንት አልሞላትም። ቤቱ ጸጥ አለ። ባሌ ሥራ ሄዶ ይመጣል፣ እኔ ልብስ እሰፋለሁ፣ ማታ ላይ ሁለት እንግዳ ሰዎች መስለን አንድ ጠረጴዛ ላይ እንቀመጣለን።

በዓመቱ ከእርሻ ወጥመድ በመጣ ዕቃ ውስጥ የማያውቃቸው ሦስት ተርቦች አገኘ። ጥቁር፣ ቀጫጭን፣ ረጅሙ አንቴናቸው መሀል ላይ ነጭ ቀለበት ያለበት። መጽሐፉን ከዳር እስከ ዳር ቢሄድበትም የሚያሳርፋቸው ቦታ አጣ። አዲስ ዝርያ ናቸው ማለት ነው። አዲስ ዝርያ ያገኘ ሰው ደግሞ ስም ያወጣለታል፤ ስሙ በመጽሔት ከታተመ በኋላ ሙያተኛው ሁሉ፣ የትም ይሁን የት፣ በዚያ ስም ይጠራዋል። ባሌ የልጃችንን ስም ላቲን እንዲመስል ከኋላ ትንሽ ቀጥሎበት ለተርቧ ሰጣት።

መጽሔቱ የደረሰ ቀን እየሮጠ ቤት መጣ። ሥዕሉ ሥር ስሟን አሳየኝ። ሦስቱም ወንዶች መሆናቸውን ሲነግረኝ ሳቄ መጣ፤ ከቀብሯ ወዲህ ስስቅ ያን ቀን የመጀመሪያዬ ነው። ሴት ልጄን ወንድ አደረግሃት አልኩት።

«ሴቷ አንድ ቀን ትገኛለች» አለኝ።

ሌላ ሰው ያን ቢያደርግ ኖሮ፣ ሴቷን ሳታገኝ ምን አጣደፈህ ብሎ ጽሑፉን የሚመልሰው እሱ ራሱ ነበር። የወንድና የሴት መልክ ሊራራቅ እንደሚችል ከሱ በላይ የሚያውቅ አልነበረም። ግን ልቡ ተሰብሮ ነበርና ቸኮለ። የሚፈርድበት ካለ ይፍረድበት፣ እኔ አልችልም።

ከዚያ ወዲህ ቤታችን ትንሽ ነፍስ ዘራ። ጢኖ መመሪያው ውስጥ ገባች። ሩቅ አገር ያለ ሰው ስለሷ አንድ መስመር የጻፈ እንደሆነ ባሌ በር ላይ ጫማውን ሳያወልቅ ይነግረኛል። ልጃቸው ውጭ ሄዳ የተሳካላት ወላጆች እንደሚያወሩት እናወራ ነበር። ጢኖ እንዲህ ተባለች፣ ጢኖ እዚህ ቦታ ታየች።

ከከተማ ወጣ ብሎ ተርብ የሚራባበት ቤት አለ። እዚያ የጎመን ትል የምታጠፋ አንዲት ቡናማ ተርብ አራብተው ለገበሬ ያከፋፍላሉ። ይህቺ ቡናማ ተርብ ስም ከወጣላት ብዙ ዘመኗ ነው፤ ስሟን ያወጣላት ሰውም ከሞተ ቆይቷል። ወንድ የላትም ይባላል። ያለ ወንድ የሚራቡ ተርቦች ስላሉ ይህ ማንንም አላስገረመም። ታዲያ ባለፈው ዓመት ቡናማዎቹ ከትውልድ ትውልድ እየመነመኑ መጡ። የማራቢያው ኃላፊ፣ አንዲት ቀልጣፋ ወጣት፣ ባሌ ዘንድ ደወለች። ጢኖ ወረረችን፣ ብንለቅም ብንለቅም አታልቅም፣ መጥተህ እይልን አለችው።

ሄዶ ሲመለስ ምግብ አልነካም። አሞህ ነው ብለው ራሱን ነቀነቀ። ሳህኑን ገፋ አድርጎ ነገረኝ። አንዲት ጥቁርና አንዲት ቡናማ አንድ ብልቃጥ ውስጥ ቢያስገባ ወዲያው ተገናኙ። ጢኖ ያላት የቡናማዋ ወንድ ኖሯል። ከወንድ ያልተገናኘች ሴት ተርብ እንቁላል ትጥላለች፣ ከእንቁላሏ ግን የሚወጡት ወንዶች ብቻ ናቸው። ሠራተኞቹ ባለፈው ዓመት የደረሳቸውን አዲሱን መመሪያ አምነው፣ ቀድሞ ልብ የማይሏቸውን ወንዶች የባዕድ ዘር ናቸው ብለው ይለቅሟቸዋል፤ እናቶቹ ያለ ወንድ ይቀራሉ፤ በሚቀጥለው ዙር ሴት ልጅ አይወለድም። ቤቱን ባዶ ያደረገው የባሌ ስህተት ነበር። ለአንድ ዝርያ ሁለት ስም ከወጣ ደግሞ ሕጉ የሚያጸናው የመጀመሪያውን ነው። የኛ ይወድቃል።

ማን ያውቃል ብዬ ጠየቅሁት። እኔና አንቺ አለኝ። እንግዲያው ለሴትዮዋ አትልቀሙ በላትና ሌላውን ተወው አልኩት። ሌላ አገር መመሪያውን ይዞ የሚለቅመውስ አለኝ። ያኔ ነደደኝ። ለጎመን ብለህ ነው? አልኩት። የማይገባ ነገር ሁሉ ተናገርኩ።

«አንዴ ቀብሬያታለሁ» አልኩት። «ሁለተኛ አልቀብራትም።»

አልተቆጣም። መነጽሩን አውልቆ ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ።

«ነገ አብረን እንሂድና እይ» አለኝ። «አይተሽ ተወው ካልሽኝ፣ እተወዋለሁ።»

ቃሉን እንደማያጥፍ አውቃለሁ። ተወው ልለው ቆርጬ ሄድኩ።

ረጅም፣ ሞቃት ክፍል ነው። ሳጥኖቹ በወንፊት ጨርቅ የተሸፈኑ፣ ውስጣቸው የተበሳሳ የጎመን ቅጠልና በማር ውሃ የራሰ ጥጥ ያለባቸው ናቸው። ነጭ ጋዋን የለበሱ ሴቶች ቀጭን ቱቦ በአፋቸው ይዘው፣ ተርቧን በትንፋሻቸው ስበው ብልቃጥ ውስጥ ይከታሉ። እጃቸው ፈጣን ነው። ስለ ፀጉር ሥራ እያወሩ፣ እየተሳሳቁ ይሠራሉ። መካከል ላይ አልኮል የሞላ ጠርሙስ አለ።

«ይቺ ጢኖ ናት፣ አውጪያት» አለች አንደኛዋ።

«ይቺኛዋም ጢኖ ናት» አለች ጓደኛዋ። «ሳታመልጥሽ ድፊያት።»

ወደ አልኮሉ ደፋቻት። ጥቂት ተንፈራግጣ ሰጠመች። ሥሯ የሰጠሙት ጥቁር ሆነው ተከምረዋል። ሴቶቹ ምንም አላጠፉም፣ የታዘዙትን ነው የሚሠሩት። እኔ ግን ስሟ እንዲኖር ስል በየቀኑ በስሟ እንዲህ ይደረግ ብዬ ልፈርድ ነበር የመጣሁት። ኮሪደሩ ላይ ወጣሁ። ባሌ ተከትሎኝ ወጣ።

«ጻፈው» አልኩት።

ጻፈው። ሁለት ገጽ የማይሞላ ነገር ብዙ ቀን ፈጀበት። ሲጨርስ ፊደል የገደፍኩ እንደሆነ እይልኝ ብሎ ሰጠኝ፤ መልሶ ማንበብ ስላልቻለ ነው እንጂ ፊደል ገድፎ አያውቅም። ስህተቱ የኔ ብቻ ነው፣ ስሙ ከእንግዲህ አይሠራም ይላል። ምንም አልገደፍክም አልኩት።

ከታተመ በኋላ ማራቢያው ጥቁሮቹን መልቀም አቆመ፣ ቡናማዎቹም በዙ። በዚህ ሰሞን ኃላፊዋ ልታመሰግን ቤት ደወለች፤ ስልኩን ያነሳሁት እኔ ነኝ። ሳጥኖቹ እንደሞሉ፣ ገበሬዎች እንደተሰለፉ ነገረችኝ። ደስ ብሏታል።

«ያቺ ጢኖ የሚሏት ናት እኮ ያን ሁሉ ጊዜ ያደከመችን» አለች እየሳቀች። «እንኳን ጠፋች።»

አታውቅም። ልቀየማት የምችላት ልጅ አይደለችም። እሺ፣ መልካም ሥራ ብዬ ልዘጋ አስቤ ነበር፣ አፌ ግን ሌላ ነገር ተናገረ።

«ጢኖ ልጃችን ነበረች» አልኳት። «ሞታብን ነው።»

ሳቋን አቋርጣ ይቅርታ፣ ይቅርታ ስትል ሰማኋት። አይዞሽ ብዬ ስልኩን ዘጋሁ። ዞር ስል ባሌ በሩ ላይ ቆሟል። ሰምቷል። ገብቶ የስፌት መኪናዬ አጠገብ ካለችው ዱካ ላይ ተቀመጠ።

«እስካሁንስ በተርቧ አሳበን እየጠራናት ኖርን» አለኝ። «ከእንግዲህ ስሟን በምን ሰበብ እንጠራለን?»

አጠገቡ ቁጭ አልኩና አብረን አለቀስን።