ፋጡማ ገብረማርያም ነኝ

መታወቂያ ላሳድስ ቀበሌ ሄጄ ጸሐፊዋ ልጅ ቅጼን አየችና «እትዬ፣ ፋጡማ ገብረማርያም የሚባል ስም የለም፤ የክርስትና ስምሽን ስጪኝ» አትለኝም! ሰልፈኛው ሁሉ ዞሮ አንገቴ ላይ ያለውን ማተብ ያያል።

«አቦ ስሚኝ!» አልኳት ጮክ ብዬ። «እናቴ ከእኔ በፊት ሦስት ልጅ ቀብራለች። እኔን ሞት እንዳያውቀኝ ብላ ገና በአራስነቴ ለጎረቤታችን ለሐሊማ ሰጠችኝ። ስሙን ያወጣችልኝ ሐሊማ ናት። ይኸው በዚህ ስም ሃምሳ ዓመት ኖርኩ! በሌላ ስም መታወቂያ አልቀበልም፣ ዋላሂ!»

ልጅቷ ተናዳ አለቃዋን ጠራችው። ሊቆጣኝ ነው ብዬ ወገቤን ይዤ ጠበቅኩት። ሰውየው ቅጹን አነበበና እንባው እስኪፈስ ሳቀ። ከዚያ ደረቱ ላይ የተንጠለጠለውን ባጅ ወደ እኔ አዞረው፤ «ገብርኤል አብዱላሂ» ይላል።