ጥፍር ውስጥ የቀረ ጭቃ

አሜሪካ፣ ሌዊስቪል ውስጥ ራኩ የሚባለውን የጃፓን ሸክላ አሠራር መማር የጀመርኩት የሥራ ባልደረባዬ ሰብለ ጎትታኝ ነው። ባለፈው ቅዳሜ አስተማሪያችን እንደ ፍም የቀላ ዕቃ በረጅም ጉጠት ከምድጃው አወጣና ሰጋቱራ የሞላው በርሜል ውስጥ ከቶ ከደነው። ጭሱ አፍንጫዬ ሲገባ እናቴ ትዝ አለችኝ።

እናቴ ሸክላ ሠሪ ነበረች። የጋለውን ማሰሮ በእንጨት ከእሳት አውጥታ፣ እንዲጠቁር ገለባ ላይ ታንከባልለዋለች፤ እኔም በሌላ እንጨት እደግፍላታለሁ። ስምንት ዓመቴ ሳለ አንዲት ጎረቤት ማሰሮ ልትገዛ መጣች። እናቴ ማሰሮውን ስትዘረጋላት ሴትዮዋ እጇን ሰበሰበች።

"መሬት አስቀምጪው፤ እኔ አነሳዋለሁ።"

እናቴ አስቀመጠችው። ሴትዮዋ ስትሄድ እናቴ ጣቶቼን አንድ በአንድ በውሃ እያሸች፣ "ጥፍርሽ ውስጥ ጭቃ አይቅር፣ ልጄ" አለችኝ። የትምህርት ቤት የንጽሕና ቁጥጥር አስባ መስሎኝ ነበር።

"በይ እንግዲህ፣ ቡዳ ሆንን!" አለች ሰብለ የበርሜሉን ጭስ እያራገበች። "ቆይ ፎቶ ላንሳሽና ለእማዬ ሴንድ ላድርግላት፤ በሳቅ ትሞታለች።"

አብሬያት ሳቅሁ።

ተራዬ ደርሶ ዕቃዬን ከእሳቱ ሳወጣ አስተማሪው እጄን ሲያይ ቆየ።

"ይህን የት ተማርሽው?"

ሰብለ ስልኳን እንደያዘች ታየኛለች። መልሱ አፌ ላይ ነበር።

"ዩቲዩብ ላይ" አልኩ።

ዕቃዬ ከበርሜሉ ጥቁርና አንጸባራቂ ሆኖ ወጣ። ሁሉም ሊያዩት ሲሰበሰቡ እኔ ቧንቧው ጋ ቆሜ ጥፍሮቼን እያሸሁ ነበር።