የወይዘሮ አይናዲስ መታጠቢያ ቤት መብራት

ስለ ባሌ ስለ አንለይ ደብረ ማርቆስ ያላወራው የለም። አሁን ደግሞ እኔን ስሙኝ።

አንለይ የከተማው መብራት ሠራተኛ ነበር። ያኔ ለከተማው መብራት የሚሰጠው ሞተር የሚነሳው አመሻሽ ላይ ነው፤ መብራት ያለውም ባላባትና ሹም ቤት ብቻ። ወይዘሮ አይናዲስ አዲስ ቤት አሠሩና ለመታጠቢያ ቤቱ የነሐስ ክንድና የብርጭቆ ዘለላ ያለው መብራት ከአዲስ አበባ አስመጡ። አንለይ ይሄ የሳሎን ነው፣ እንፋሎት ላለበት ክፍል በብርጭቆ የተዘጋ ተራ አምፖል ይሻላል ብሎ ለመናቸው። እሳቸው እቴ! ያማ የበረት መብራት ነው አሉ። ጭራሽ በመስታወቱ እንዲታያቸው ዝቅ አድርገህ ስቀል አሉት። ምን ያድርግ፣ ሰቀለው። ማብሪያውን ከበሩ ውጭ አደረገ። ልስኑ ገና እርጥብ ስለነበር ኤሌክትሪኩ ወደ ነሐሱ ሊያልፍ ይችላል ብሎ፣ እስኪደርቅ እንዳያበሩት፣ ነሐሱንም ማንም እንዳይነካ አስጠንቅቆ ወጣ።

ቤቱን የሚባርኩት አባቴ መምሬ ፍሥሐ ነበሩ። አባቴ ደግሞ የብር መስቀላቸውን ጠበል ነክረው አዲስ የተባለውን ዕቃ ሁሉ ካልነኩ ባረክሁ አይሉም። ሰይጣን የውሃ ቤት ይወዳል ብለው የሚጀምሩትም ከዚያው ነው።

የምርቃቱ ዕለት አመሻሽ ላይ፣ ወይዘሮዋ መብራቱን ለእንግዳ ሊያሳዩ እንደሆነ አንለይ ከሰው ሰማ። አባቴ እርጥብ መስቀል ይዘው ሲነኩት ታየውና ነፍሱን ሳያውቅ ሮጠ። ዘበኞቹ የሥራ ልብሱን አይተው አናስገባም አሉት። አማቴ ሊሞቱብኝ ነው፣ ሚስቴን ጥሩልኝ ቢል ሰካራም ነው ብለው በዱላ መለሱት። ይሄኔ ሞተሩ ሲነሳ ሰማ።

እኔ ውስጥ ጠበሉን ይዤ ከአባቴ ኋላ ቆሜያለሁ። መብራቱ ቦግ ሲል ቤቱ በእልልታ ተናወጠ። አባቴ ጫማቸውን አውልቀው፣ ወለሉን በጠበል አርሰው፣ መስቀላቸውን ወደ ነሐሱ አነሱ። ሊነኩት ሲሉ ድርግም አለ። ከተማው በሙሉ ጨለመ። አንለይ ሞተር ቤት ገብቶ ማጥፊያውን ጎትቶት ነበር።

እዚያው ያዙት። ወይዘሮ አይናዲስ ግን ሰይጣን ሰፍሮበታል ብለው መብራቱን በነጋታው አስነቀሉት።

ስንቅ ይዤ እስር ቤት ሄድሁ። የልጆቻችንን እንጀራ ምን ሆነህ ነው የደፋኸው ልለው ነበር። ፊቱ አብጧል። አፌን ሳልከፍት፦

«አባባ ነኩት?» አለኝ።

«ምኑን?»

«መብራቱን። ነኩት ወይ?»

«አልነኩትም። ደህና ናቸው።»

መሬት ላይ ዘፍ ብሎ እንደ ሕፃን አለቀሰ። ነገሩን የነገረኝ ካለቀሰ በኋላ ነው።

ሥራውን ዳግመኛ አላገኘም። እንጨት ፈላጭ ሆኖ ነው ያኖረን። ለአባቴ ስንቴ እንዳስረዳኋቸው! አልሰማ አሉኝ። ቤታችን በመጡ ቁጥር፣ ሰይጣኑ መስቀላቸውን ፈርቶ የከተማውን መብራት ይዞ እንደጠፋ ለልጆቻችን ይተርካሉ። አንለይም መጥረቢያውን አስቀምጦ፣ አጠገባቸው ቁጭ ብሎ ይሰማቸው ነበር።