ትልቁ ዮዜፍ፣ ትንሹ ፔፒቼክ

ያን ቀን ኦስትራቫ ላይ ከጠዋት ጀምሮ ዝናብም በረዶም ያልሆነ ነገር ይወርድ ነበር። መስኮት ላይ ሲያርፍ ነጭ ነው፤ ወዲያው ቀልጦ ውሃ ይሆናል። ከብረት ፋብሪካዎቹ በኩል የሚመጣው ጭስ ወደ ላይ መውጣት አቅቶት ከትራሙ ሽቦ በታች ተኝቷል። ድራሆሚራ ከትራም ወርዳ ጣቢያው አጠገብ ወዳለው ሕንፃ ስትገባ ጫማዋ ውሃ አስገብቶ ነበር። ካልሲዋን አውልቃ ማሞቂያው ላይ ዘረጋችና እግሯን ጠረጴዛው ሥር ደብቃ ተቀመጠች።

ሥራዋ ስልክ ማንሳት ነው። ወደ ፕራግ የሚሄደውን የአረንጓዴውን ባቡር ትኬት በስልክ ለሚጠይቅ ሰው ትሸጣለች። በዚያን ጊዜ አንድ ሐዲድ ላይ ሦስት ባቡር ይሻማ ነበር፤ የመንግሥት ባቡር፣ የግል ድርጅት የሆነው አረንጓዴውና ከሁለቱም በኋላ የመጣው ሐምራዊው። ሦስቱም ከአንድ ጣቢያ ተነስተው አንድ ከተማ ይገባሉ። አንዱ ቡና በነፃ ሲሰጥ ሌላው ጋዜጣ ይጨምርበታል፤ አንዱ ዋጋ ሲቀንስ ሌላው በማግስቱ ከዚያ ዝቅ ይላል። ተሳፋሪው ደስ ብሎታል። ሠራተኛው ግን ዋጋው በወረደ ቁጥር ቀጥሎ የሚወርደው ራሱ መሆኑን ያውቅ ነበር።

ድራሆሚራ ትምህርቷን ያቋረጠችው በልጅነቷ ነው። ዕድሜዋን የጨረሰችው ብረት ፋብሪካ ውስጥ፣ ከጣሪያው ሥር ክሬን ስትነዳ ነው። ፋብሪካው ሲዘጋ ሌላ የሚቀጥራት አላገኘችም፤ አረንጓዴው ባቡር የወሰዳት ድምፅዋ ጥሩ ነው ብሎ ነው። ጡረታ ሊወጣላት ጥቂት ዓመት ቀርቷታል። ከዚህ ወንበር ላይ ሳትነሳ እዚያ መድረስ ነበር ሐሳቧ፤ ሌላ የምትመኘው ነገር አልነበራትም።

ሲያሳጥሩላት ድራሃ ይሏታል። ውድ ማለት ነው፤ የተወደደም ዋጋው የማይቀመስም በአንድ ቃል። ከጎኗ የምትቀመጠው ያርሚላ ለአዲስ ሠራተኛ ስታስተዋውቃት «ርካሽ ትኬት የምትሸጠው ውድ ይቺ ናት» ትላለች። ድራሃ ይህን ቀልድ መስማት ከተወች ቆይታለች።

የአረንጓዴው ባቡር ትኬት ወረቀት የለውም። ኮምፒውተሩ ጥቂት ፊደላት ይሰጣል፤ ተሳፋሪው እነሱን ይዞ ይሳፈራል፤ ባቡሩ ላይ አስተናጋጇ በእጇ ባለው መሣሪያ ስትጽፋቸው ስሙ ከወጣ «ይቀመጡ» ይባላል። ችግሩ ፊደላቱ ትልቅና ትንሽ ሆነው መደባለቃቸው ነበር። አንድ ሰው ቢቆምም ቢቀመጥም ያው ሰው ነው። ለኮምፒውተሩ ግን ትልቁ ኤ እና ትንሹ ኤ ዘመድ እንኳ አይደሉም። አንዱን በሌላው ቦታ የጻፈ ሰው ትኬት የለውም።

ወጣቶቹን ይህ አይነካቸውም፤ ስልካቸውን አውጥተው ያሳያሉ። ለድራሃ የሚደውሉት እርሳስ ይዘው ጋዜጣ ጠርዝ ላይ የሚጽፉ ሽማግሌዎችና አሮጊቶች ናቸው። መመሪያው «ትልቅ ኤ፣ ትንሽ ቢ» እያላችሁ አንብቡላቸው ይላል። መጀመሪያ እንደዚያ ታደርግ ነበር። «ትንሽ» የሚለውን ቃል ራሱን የሚጽፉ ነበሩ። ትንሽ የተባለው ያለፈው ፊደል ነው ወይስ የሚመጣው ብለው የሚከራከሩ ነበሩ። አንዲት ሴት ደግሞ ሁሉንም ትልቅ ፊደል አድርጋ፣ «ትንሽ» የተባሉትን ብቻ በጣም አሳንሳ ጻፈቻቸው፤ ባቡሩ ላይ ወረቀቱን እያሳየች «ከዚህ በላይ ማሳነስ ዓይኔ አልቻለም» አለች አሉ።

ድራሃ ከዚያ በኋላ የራሷን ዘዴ አወጣች። በዚያ አገር በስልክ ፊደል የሚነገረው በሰው ስም ነው፤ ሕፃን ሳለ ሁሉም ይማረዋል። ለኤ አዳም ይባላል፣ ለቢ ቦዥና፣ ለኬ ካረል፣ ለጄ ዮዜፍ፤ እዚያ ጄ የሚነበበው እንደ «የ» ነውና። እሷ ታዲያ ለትልቁ ፊደል ስሙን እንዳለ ትጠራለች፤ ለትንሹ ደግሞ የሕፃኑን መቆላመጫ፤ አዳሜክ፣ ቦዥንካ፣ ካርሊቼክ። አሮጊቶቹ ወዲያው ገባቸው። ያርሚላም ከእሷ ሰምታ ጀመረች፤ ቀስ በቀስ ክፍሉ በሙሉ ቀኑን ሲያቆላምጥ ይውል ጀመር። የክፍሉ ኃላፊ ኢንጂነር ራዲም ስሕተት መቀነሱን አይቶ አመሰገናቸው፤ እንዴት እንደቀነሰ ግን አልጠየቀም።

አንድ ስም ብቻ አስቸጋሪ ነበር። ዮዜፍ ሲቆላመጥ ፔፓ ነው፤ ሕፃን ከሆነ ፔፒቼክ። ጄ ወዴት ሄዶ ፒ ከየት እንደመጣ የሚነግርህ የለም፤ ሁልጊዜም እንደዚያ ነው። ስለዚህ ድራሃ ለትንሹ ጄ «ዮዚፌክ» ማለትን ራሷን አስለምዳ ነበር፤ ማንም እናት ልጇን የማትጠራበት ስም ነው፤ ግን በጄ ይጀምራል።

ያን ቀን ስልኩ እረፍት አልሰጠም። ሐምራዊው ባቡር በዋዜማው ዋጋ ስለቀነሰ አረንጓዴውም ጠዋት ቀንሷል፤ አገሩ በሙሉ ሊሄድ ተነስቷል። እግሯ እንደቀዘቀዘ ከቀትር በኋላ አንድ ሽማግሌ ደወሉ። ስማቸው ሌኦፖልድ ኩባላ፣ ጡረታ የወጡ የከሰል ማዕድን ሠራተኛ ናቸው። የልጅ ልጃቸው ፕራግ ልትመረቅ ነው፤ ከቤተሰቡ ዩኒቨርሲቲ የገባችው እሷ የመጀመሪያዋ ናት።

«እርሳስ ይዘዋል አባባ?»

«እርሳስም መነጽርም ይዣለሁ። ያልያዝኩት ጥርሴን ብቻ ነው።»

«ባቡሩ ላይ የሚሰጡት ብስኩት ጥርስ አይፈልግም። አሁን እኔ የሰው ስም እጠራለሁ። የአዋቂ ስም ስጠራ ትልቅ ፊደል፣ የሕፃን ስም ስጠራ ትንሽ ፊደል ይጽፋሉ። ተግባባን?»

«ተግባብተናል። ያንቺስ ስም ማነው ልጄ?»

«ድራሆሚራ።»

«ድራሃ? እኔ እኮ ርካሽ ነው ብለውኝ ነው የደወልኩት።»

እሳቸው ሲሉት ሳቀች። ከዚያ አነበበችላቸው፤ ካረል፣ ቦዥንካ፣ ሄለና፣ ፔፒቼክ። እየሳቀች ነበርና ምን እንዳለች አልሰማችውም። ቤቷ ውስጥ ትልቁ ዮዜፍ ባሏ ነበር፤ ትንሹ ዮዜፍ ልጇ፣ ፔፒቼክ። ትልቁ ከሞተ ቆይቷል። ትንሹ ጀርመን አገር ይሠራል፣ ለገና ይደውላል። ስሙ ግን አፏ ላይ አለ፤ ኮምፒውተሩ ላይ ትንሿን ጄ ስታይ አፏ ያን ስም አወጣ። ሽማግሌው ማንም የአገሩ ሰው እንደሚያደርገው ትንሽ ፒ ጻፉ። የቀረውን ጨረሱ፣ መልካም መንገድ ተባባሉ።

ኩባላ ሙሉ ልብሳቸውን ለብሰው ተሳፈሩ። አስተናጋጇ የጻፉትን ፊደል ወደ መሣሪያዋ አስገባች፤ የለም አላት። ደገመችው፤ የለም። ደንቡ፣ ትኬት የሌለው በቦታው ሙሉ ዋጋ ይክፈል ወይም ይውረድ ይላል፤ በዚያን ጊዜ በነፃ የሚሳፈር ስለበዛ አለቆቿ ክፉኛ ይቆጣጠሯት ነበር። ኩባላ ደግሞ የከፈልኩትን ድጋሚ አልከፍልም የሚሉ ሰው ናቸው። መንገድ ላይ ባለችው በኦሎሞውትስ ከተማ ወረዱ።

ከኋላ የመጣው ሐምራዊው ነበር። የሐምራዊው አስተናጋጅ አንድ ሽማግሌ ጣቢያው መድረክ ላይ ባርኔጣቸውን ይዘው ቆመው አይቶ ጠየቃቸው፣ ሰማቸው፣ አሳፈራቸው፣ ሾርባ ሰጣቸው፤ ከሾርባው ጋር ፎቶ አነሳቸው። ፎቶው ማታ በየስልኩ ዞረ። በማግስቱ ጋዜጦቹ «በአንዲት ትንሽ ፊደል ከባቡር የወረዱት አያት» ብለው ጻፉ። ሐምራዊው ባቡር ደግሞ ሳምንት ሳይሞላ ጣቢያው ግድግዳ ላይ «እኛ ዘንድ ትልቅም ትንሽም ይሳፈራል» የሚል ማስታወቂያ ሰቀለ። ድራሃ ጠዋት ጠዋት በሥሩ እያለፈች ወደ ሥራ ትገባ ነበር።

ኢንጂነር ራዲም አስጠራት። ወጣት ነው፤ ተቆጥቶ አያውቅም፤ ያን ቀንም አልተቆጣም። የተቀዳውን ድምፅ አሰማት። ድራሃ የራሷን ሳቅ ሰማች፤ ቀጥሎ ፔፒቼክን ሰማች፤ ያን ጊዜ ነው የገባት።

«ወይዘሮ ድራሆሚራ፣ ይህን አነጋገር ማን አስተማረዎት?»

«ማንም።»

«መመሪያው ላይ አለ?»

«የለም።»

«ታዲያ ለምን?»

«እንደዚህ ሲሏቸው ስለሚገባቸው» አለች። ስሕተቱን ልትክድ አልቻለችም፤ ጆሮዋ ላይ ነው ያለው።

እሱም እውነቱን ነገራት። ዳይሬክተሩ ለጋዜጦቹ አንድ ነገር መመለስ አለበት። ወይ ጥፋቱ የሠራተኛ ነው፣ አሰናብተናታል ይላል፤ ወይ ጥፋቱ የኮምፒውተሩ ነው ይላል። እስኪወሰን ወደ ሥራዋ ትመለስ። ተመለሰች። ያርሚላ ምን አሉሽ ብላ ጠየቀቻት፤ ድራሃ ስለ እኔና ስለ ኮምፒውተሩ ዕጣ ሊያወጡ ነው አለቻት። ያርሚላ ደግሞ ኮምፒውተሩ በውድ ነው የተገዛው፣ ወዮልሽ አለቻት። ሁለቱም ሳይስቁ ወደ ስልካቸው ዞሩ።

ውሳኔው ሳይመጣ ኩባላ ደወሉ። ሌላ ሴት አንስታ ነበር፤ ድራሃን ካላገናኛችሁኝ ብለው አስቸገሩ።

«ልጄ፣ ሥራሽን ሊያሳጡሽ ነው አሉ። ጋዜጠኛውን ጠርቼ የተሳሳትኩት እኔ ነኝ እለዋለሁ። ጆሮዬ ከድቶኝ ነው እለዋለሁ። ማዕድን ውስጥ ዕድሜ ልኬን የኖርኩ ሰው ነኝ፤ ማን ይጠረጥረኛል?»

«ድምፃችን ተቀድቷል አባባ። ፔፒቼክ ማለቴ ጥርት ብሎ ይሰማል።»

«እና ምን መጻፍ ነበረብኝ?»

«ጄ።»

«ፔፒቼክ በጄ?» አሉ ሽማግሌው። «ወንድሜ ፔፒቼክ ነበር። በጄ ጽፎት አያውቅም።»

«ይተዉት አባባ። ጆሮዎ ጤነኛ ነው። ምርቃቱ ላይ ደረሱ ወይ?»

ደርሰዋል። የልጅ ልጃቸው ከመድረኩ ላይ ሆና አይታቸዋለች። ድራሃ እንኳን ደስ አለዎት አለቻቸው፤ ስልኩን ዘጋች። ውሸቱን ብትቀበላቸው ወንበሯ ሊተርፍላት ይችል እንደነበር ማታ ትራም ላይ አስባዋለች። ግን በስተርጅና ሙሉ ልብስ ለብሰው ከባቡር የወረዱትን ሰው እንደገና ደንቆሮ ማድረግ አልሆነላትም። ያም ሆኖ ያን ሰሞን እንቅልፍ አልነበራትም። ከዚህ ወንበር ብትነሳ ማን እንደሚቀጥራት ታስብ ነበር፤ ማንንም አታገኝም።

ዳይሬክተሩ ጥፋቱን ለኮምፒውተሩ ሰጠው። አዝኖላት አልነበረም። የቀድሞ የክሬን ሠራተኛ፣ ባል የሞተባት ሴት አባረርን ብሎ ቢናገር ሐምራዊው ለእሷም ሾርባ ሰጥቶ ፎቶ ያነሳታል ብሎ ፈርቶ ነው። አረንጓዴውም በተራው ማስታወቂያ አወጣ፤ ከእንግዲህ ትልቅ ብትጽፉም ትንሽ ብትጽፉም አንድ ነው አለ። ኮምፒውተሩ ላይ የሆነ ነገር ለወጡ፤ እንዲህ በቀላሉ የሚለወጥ ከሆነ ለምን እስከዛሬ እንደቆየ ማንም አልጠየቀም። ያርሚላ እርጎ አይብ የተሞላ ዳቦ ጋግራ አምጥታ ክፍሉ በሙሉ በላ። ድራሃም በላች፤ ተረፍኩ ብላ ነበር።

ከዚያ ስልኩ ዝም ማለት ጀመረ። መጀመሪያ ክረምቱ ነው አሉ፤ ሰው አይንቀሳቀስም። ክረምቱ ሲወጣም አልተመለሰም። ሰዎች የሚደውሉት ትኬት ፈልገው ይመስላት ነበር፤ ለካ ፊደሉን ፈርተው ኖሯል። አሁን ጎረቤት ያለ ጎረምሳ ይገዛላቸዋል፤ እነሱ እንደፈለጉ ይጽፉታል፤ ባቡሩም ያስገባቸዋል። በቀን አንድ ሁለቴ ቢጮህ የባቡር ሰዓት የሚጠይቅ ነው፣ ወይም የተሳሳተ ቁጥር። ሴቶቹ ሹራብ መሥራት ጀመሩ። ኢንጂነር ራዲም በበሩ ሲያልፍ ሹራቡን እያየ እንዳላየ ይሆን ነበር።

ከፋሲካ በኋላ ሰብስቧቸው፣ እናንተን አላባረርንም፣ የስልኩን መስመር ነው የዘጋነው አላቸው። ድራሃ በሁለቱ መካከል ያለውን ልዩነት ለማግኘት ሞከረች፤ አላገኘችም። ደግሞም አልተናደደችበትም። ምስክር ወረቀቷ ላይ ታማኝና ትጉህ ብሎ ጽፎላት ነበር፤ የፊደሉ ደንብ ባይቀየር ኖሮ ይህ ወረቀት ሳያስፈልጋት ጡረታ ትወጣ ነበር። ቢቀየር ደግሞ እንደ ኩባላ ያለ ሰው መንገድ ላይ አይወርድም። ሁለቱንም አብሮ የሚያኖር መላ አልነበረም። ያርሚላ እህቷ ጋ ወደ ብርኖ ሄደች።

ድራሆሚራ ዛሬ ኦስትራቫ አጠገብ ባለችው ቦሁሚን ውስጥ፣ ባቡሮቹ በሚያድሩበት ግቢ ፉርጎ ታጸዳለች። የቀጠራት ሌላ ድርጅት ነው፤ አረንጓዴውንም ሐምራዊውንም በአንድ ባልዲ ነው የሚያጥቡት። ጡረታዋ ገና አልደረሰም።