ቅጹ ላይ ያልሰፈረው ጉድጓድ

ዘሊካ ከባሏ ከይማም ጋር ከወሎ ወደ መተማ ቆላ የወረደችው ለአንድ የሰሊጥ አጨዳ ብቻ ነበር። እዚያው ሃያ ሁለት ዓመት ቀረች። ወደ ሽንፋ በሚወስደው መንገድ ዳር ቤት ቀለሱ፤ በሁለተኛው በጋ ይማም እየቆፈረ፣ እሷ አፈሩን በገመድ እየጎተተች፣ አሥራ አራት ሜትር ወርደው ውሃ አገኙ። ዙሪያውን በድንጋይ ገነቡት። ይማም በካላዛር በሽታ ከሞተ በኋላ ሦስት ልጆቿን ያሳደገችው ከዚያ ጉድጓድ እየቀዳች፣ ለአጨዳ ለሚወርደው ሳሉግ፣ ለወቅቱ የቀን ሠራተኛ፣ ውሃ በጀሪካን እየሸጠች ነው።

መንገዱ ሊሰፋ ሲወሰን ካሳ ገማቾች መጡ። ቤቷን ለኩ፣ ማንጎዋን ቆጠሩ። ጉድጓዱ ጋ ሲደርሱ ግን አንደኛው እስክሪብቶውን ኪሱ ከተተ።

«ውሃ የመንግሥት ነው፣ እትዬ።»

«ውሃውስ ይሁን። ጉድጓዱን የቆፈረው መንግሥት ነው?»

ገማቹ ጉድጓዱን ቅጹ ላይ ሳያሰፍር አለፈ። ቅሬታ አቀረበች፤ ሰሚ አጣች። ይግባኟ ገንዳ ውሃ ከተማ ካለው ፍርድ ቤት ሲደርስ ዶዘር ቤቷን አፍርሶ ጉድጓዱንም ደፍኖት ነበር። የመንገድ መሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ደምለውም ክርክሩን ለወጠ።

«ቅጹ ላይ የለም። ጉድጓድ ስለመኖሩ አንዳች ማስረጃ አልቀረበም።»

ጎረቤቶቿ ከቦታው ተነሥተው በየአገሩ ተበትነዋል። ጉድጓዱን የደፈነው የማሽን ኦፕሬተር ምንይችል ለምስክርነት ተጠርቶ አንገቱን ደፋ። «ብዙ ቦታ ነው የደፈንሁ። አላስታውስም» አለ።

ዳኛዋ ሠላማዊት መዝገቡን ሁለት ጊዜ አገላበጡና «ቦታው ይታይ» ሲሉ አዘዙ። የመንገዱን ሥራ ያቆመው የፍርድ ቤት እግድ ቅዳሜ ስድስት ሰዓት ላይ ያበቃል። ሰኞ አስፋልቱ ይነጠፋል።

ቅዳሜ ጧት ዘሊካ በገዛ ቦታዋ ላይ ቆማ ቦታዋ ጠፋት። ማንጎው የለም፣ አጥሩ የለም፤ ያለው ከዳር እስከ ዳር የተደለደለ ቀይ ጠጠር ነው።

«እዚህ» አለች።

ምንይችል በኤክስካቫተር ቆፈረ። ሁለት ክንድ ቀይ አፈር፣ ከሥሩ ጥቁር ዋልካ። ሌላ ቦታ አሳየችው፤ አሁንም ዋልካ። ፀሐዩ በረታ። ደምለው ሰዓቱን አየ።

«ክብርት ዳኛ፣ ሴትዮዋ ራሳቸው አያውቁትም።»

«ሰዓቱ አልሞላም» አሉ ዳኛዋ።

ዘሊካ ተንበርክካ ጥቁሩን አፈር ዘገነች። ዋልካው ማንም ያልነካው መሬት ነው። የእሷ ጉድጓድ ግን የተሞላው ለመንገዱ በተጋዘው ቀይ አፈር ነው። ድንገት ተነሥታ ወደ ማሽኑ ሄደች።

«ምንይችል፣ ልጄ፣ አላስታውስም ብለሃል። እሺ። ይኸን ብቻ ንገረኝ፤ ስትደለድል፣ ቀዩን ብትጨምር ብትጨምር አልሞላ ያለህ የት ነው?»

ምንይችል ወደ አለቃው አየ። አለቃው መኪናው ጥላ ሥር እጁን አጣምሮ ያየዋል። ሞተሩ ይንደቀደቃል። ከዚያ ማንም ሳያዘው ማሽኑን ስምንት እርምጃ ያህል ወደ ምዕራብ ነዳና የአካፋውን ጥርስ መሬት ላይ ተከለ።

ሁለት ክንድ ወረደ፤ ቀይ ነው። ሦስት፣ አራት፤ አሁንም ቀይ። አምስተኛው ላይ ብረቱ ከድንጋይ ጋር ተፋጨ።

«አቁም!» ብላ ዘሊካ ጮኸች።

ዳኛዋ ለጫማቸው ሳይሳሱ ወርደው አፈሩን በእጃቸው ጠረጉ። ድንጋይ በድንጋይ ላይ ተደርድሮ፣ ክብ ሠርቶ ወደ ታች ይወርዳል። ዘሊካ አለቀሰች።

በወሩ ፍርድ ቤቱ ጉድጓዱ እንዲገመትላት ወሰነ። ደምለው ይግባኝ ቢልም ውሳኔው ጸና። ምንይችል ግን በዚያው ሰኞ ከሥራ ተባርሮ ኖሯል። ዘሊካ ይህን የሰማችው ዘግይታ ነው። ስታፈላልግ ሽንፋ አጠገብ፣ አንድ የሰሊጥ እርሻ ላይ ትራክተር ሲነዳ አገኘችው።

«በእኔ ምክንያት ነው አሉ» አለችው።

«ኧረ አይደለም፣ እትዬ። የደፈንሁት ዕለት ድንጋዩ ውሃው ላይ ሲወድቅ ሰምቼው ነበር። ፍርድ ቤት ቆሜ አላስታውስም ያልሁት እኔ ነኝ፤ ዕዳው የራሴ ነው።»

ዘሊካ ትራክተሩ ጥላ ሥር ቁጭ አለች፤ እሱም ሞተሩን አጥፍቶ ወረደ።