ከል የለበሰው ገበያ

ይህን የምጽፈው የድሮዋ ዳንግላ ፎቶግራፎች በጦርነት ጠፉ የሚለው ወሬ ሐሰት ስለሆነ ነው። ያጠፋቸው አጎቴ ነው።

ዛሬ እንጅባራ ውስጥ አሮጌ ፎቶግራፎች በምሰንድበት ክፍል ወለሉ በበረኪና ሲታጠብ፣ ሽታው ወደ ልጅነቴ መለሰኝ። ፎቶ አንሺው አያቴ በሞቱ በዓመቱ፣ አጎቴ የመስታወት ኔጋቲቮቻቸውን ምስሉን አጥቦ ለዳቦ ቤቱ መደርደሪያ ሊያደርጋቸው ሳፋ ውስጥ በበረኪና ዘፈዘፈ። በኔጋቲቭ ላይ ነጭ ነጠላ ጥቁር ሆኖ እንደሚታይ እንኳ አያውቅም ነበር።

«ገበያተኛው ሁሉ ከል ለብሷል፤ ምልኪ ነው!» አለ።

«የአባትህን ዓይን ነው የምታጥበው» አሉት እናቱ።

«ዓይን ዳቦ አይሆን፣ እማዬ!»

ነገሩ ስላልገባኝ ሳፋው ውስጥ ዓይን ፈለግሁ።

ድንቁርና ነው ብለው የሚያዝኑለት አሉ። ድንቁርናስ ይጠይቃል፤ አጎቴ አልጠየቀም።

ስልሳ አንድ መስታወት ታጠበ፤ አንድም አልተረፈም።